ያደረ ቁጣ

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ የደብራችን አለቃ ደጀ ሰላሙ ላይ ቆመው፣ "የቀድሞው የግብረ ገብ መምህር መሪጌታ ጥሩነህ በደብረ አሰቦት አርፈዋል። የፊታችን ሐሙስ በጎ አድራጊው ፊታውራሪ የአርባ ቀን ተዝካራቸውን ስለሚያወጡላቸው ሁላችሁም እንድትገኙ" ብለው አስነገሩ። ሕዝቡ ነፍስ ይማር አለ። እኔ ነፍስ ይማር ለማለት እንኳ አፌ እምቢ አለኝ። መሪጌታ ሞተው አርባ ቀን ሊሞላቸው ነው፣ እኔ ገና አሁን መስማቴ ነው። እሱስ ይሁን። ተዝካራቸውን የሚያወጣው ግን ማን ሆነና ነው? ከዚህ ከተማ እንደ ሌባ በጭነት መኪና ያስጫናቸው ሰውዬ። ዓይኑን በጨው የታጠበ ሰው ብዙ አይቻለሁ፣ እንዲህ ያለውን ግን አላየሁም። ደሜ ፈላ። እዚያው በቆምኩበት የነጠላዬን ጫፍ ይዤ ጠበቅ አድርጌ ቋጠርኩት።

አጠገቤ የነበረች ጎረቤቴ "ምን እንዳትረሺ ነው?" አለችኝ። ሰው ነገር እንዳይረሳ ነጠላውን ይቋጥራል፣ እሷም እንደዚያ መስሏት ነው። "ምንም አልረሳሁም" አልኳትና ወደ ቤቴ ሄድኩ።

መቋጠሩን ያስተማሩኝ መሪጌታ ናቸው። ከጎጃም የመጡ ረጅም፣ ቀጭን፣ ፊታቸው የማይፈታ ሰው ነበሩ። በወጣትነታቸው ቅኔውንም መጽሐፉንም ተምረው ሲያበቁ አሰቦት ገዳም ወጥተው፣ ሳይመነኩሱ ዓመታት ተቀምጠው፣ የጥንት አባቶች ስለ ነፍስና ስለ ምግባር የጻፉትን ሲያነቡ ኖረዋል። በሃምሳዎቹ መጀመሪያ አሰበ ተፈሪ ውስጥ እኔ የምሠራበት ትምህርት ቤት የግብረ ገብ መምህር ሲያጣ ከዚያ አውርዶ አመጣቸው። እኔ ጸሐፊ ነበርኩ። አንድ የጽሕፈት መኪና፣ አንድ ማኅተምና ሁለት መዝገብ ስላለኝ ከዳይሬክተሩ ቀጥሎ ያለሁ ይመስለኝ ነበር።

ደግ ሰው ነበሩ ብዬ አልዋሽም። ሲስቁ አይቼ አላውቅም። ሲበሉ ይቸኩላሉ፣ ድምፃቸው ለዜማ አይጥምም፣ በእጅ ጽሑፋቸው ደግሞ ከልክ በላይ ይኮሩ ነበር። ኦሮምኛ ልማር ብለው ገበያ ወርደው ሲናገሩ ሴቶቹ ሆዳቸውን ይዘው ይስቁባቸዋል። በዚያ ግን አይቆጡም። "ባላውቅ ነው የሳቁት፣ ልክ ናቸው" ይላሉ።

ለቁጣ የራሳቸው ሥርዓት ነበራቸው። ሲቆጡ አይናገሩም። የነጠላቸውን ጫፍ ይቋጥሩና ዝም ብለው ይሄዳሉ። ቋጠሮው አብሯቸው ያድራል። በማግሥቱ ጠዋት ሰውዬውን ካለበት ፈልገው ይመጡና ድምፃቸውን ከፍ ሳያደርጉ፣ አንድ ቃል ሳያስተርፉ ይቆጡታል። ሲጨርሱ ፊቱ ቆመው ቋጠሮውን ይፈታሉ። ከዚያ በኋላ ነገሩ አለቀ፣ ሁለተኛ አያነሱትም። መጀመሪያ ከተማው ሁሉ ሳቀባቸው። ቆይቶ ግን ነጠላቸው ተቋጥሮ ሲመጡ ያየ ሁሉ፣ ወደ ማን ይሆን እያለ ሥራውን ማቆም ጀመረ።

አድሮ ልክ ሳይሆን የቀረ ቁጣም ነበር። አንድ ጠዋት ጫማ ሰፊው ዘንድ ሄደው፣ "ትናንት ተቆጥቼብህ ነበር። አድሬ ሳየው ጥፋቱ የኔ ነው፣ ይቅር በለኝ" አሉት። ጫማ ሰፊው መቆጣታቸውንም አያውቅ። "ኧረ ምን አድርጌ ነበር መሪጌታ?" ቢላቸው ሳይመልሱለት ቋጠሮውን ፈትተው ሄዱ። ሰውዬው ምን አጥፍቼ ይሆን እያለ ሲብሰለሰል ሰነበተ።

ክፍል ውስጥም የሚያስተምሩት ይህንኑ ነው። ቢሮዬን ከስምንተኛ ክፍል የሚለየው አንድ የጣውላ ግድግዳ ስለሆነ ሁሉንም እሰማ ነበር። "ነፍስ ሦስት ኀይል አላት። የምታስብበት፣ የምትመኝበት፣ የምትቆጣበት። ሦስቱንም የሰጠ እግዚአብሔር ነው። የምትቆጣበትን ቆርጦ የጣለ ጻድቅ እንዳይመስላችሁ፣ ጎዶሎ ነው" ይላሉ። ምግባር ማለት አንድ ቀን የሚሠራ በጎ ሥራ አይደለም ይላሉ፣ ሰው ደጋግሞ አድርጎት ከአጥንቱ የተዋሐደ ልማድ ነው እንጂ። የሚቆመውም በሁለት ጥፋት መካከል ነው። ቁጣ ሲበዛ ጭካኔ ይሆናል፣ ጨርሶ ሲጠፋ ደግሞ ግዴለሽነት። ስለዚህ በማን ልቆጣ፣ ስለ ምን ልቆጣ፣ እስከ መቼ ልቆጣ ብሎ መጠየቅ ያስፈልጋል፣ ለመጠየቅ ደግሞ አንድ ሌሊት አይበዛም ይሉ ነበር።

አንድ የሚደጋግሙት ነገርም ነበር። "ምግባራት ተነጣጥለው አይኖሩም። ፍትሕ የሌለው ሰው ለጋስ ሊሆን አይችልም። ጥበብ የሌለው ጀግና ሊሆን አይችልም። እጅ ለእጅ ተያይዘው ነው የሚገቡት፣ አንዷን በር ላይ ካስቀራችኋት ሌሎቹም አይገቡም።" ልጆቹ ይህን በደብተራቸው ይጽፋሉ። እኔም በግድግዳው በኩል ሰምቼ፣ ፈተና የለብኝ ነገር፣ በቃሌ ይዤዋለሁ።

ዳይሬክተሩ ይህን ትምህርት አይወደውም ነበር። አንድ ቀን እኔ ቢሮ ውስጥ፣ "መሪጌታ፣ ልጆቹን ትዕግሥት ቢያስተምሯቸው ይሻላል" አላቸው።

"አስተምራለሁ እንጂ። ትዕግሥት በራስህ ላይ ያረፈውን ጥፊ መቻል ነው። በሌላ ሰው ላይ ያረፈውን ስትችል ግን ትዕግሥት አይባልም።"

"ምን ይባላል ታዲያ?"

"ስሙን አንተ ፈልግለት" ብለውት ወጡ። ዳይሬክተሩ ወደ እኔ ዞሮ ራሱን ነቀነቀ፣ እኔም ለደመወዜ ብዬ አብሬው ነቀነቅኩ።

ቁጣቸውን እኔም ቀምሻለሁ። የምዝገባ ሰሞን ነው። ፋጡማ የምትባል የጭሰኛ ሚስት ልጇን አሻን ስድስተኛ ክፍል ልታስመዘግብ መጣች። ቤታቸው ከትምህርት ቤቱ አጥር ቀጥሎ፣ ማሽላው መካከል ነው። አማርኛ እምብዛም አትችልም። ወረቀቷ የሚጎድለው አንድ ማኅተም ነበር፣ ማኅተሙም እኔ መሳቢያ ውስጥ ነው። "ነገ ነይ" አልኳት። በማግሥቱ ስትመጣ ከጓደኛዬ ጋር ወሬ ይዤ ነበር፣ "ነገ ነይ" አልኳት። በሦስተኛው ቀን ቀና ብዬ እንኳ ሳላያት "ነገ" አልኩ። መሪጌታ በሩ ላይ ቆመው ኖሯል።

በማግሥቱ ደወል ሳይደወል መጥተው ፊቴ ቆሙ። "አስካለ፣ ትናንት ተቆጥቼብሽ ነበር። አሁን ልቆጣሽ ነው የመጣሁት" አሉኝ። "ያቺ ሴት ሦስት ቀን ሥራ ፈትታለች። ክፉ ሰው ሆነሽ አይደለም። ማመላለስ ስለ ለመድሽ ነው። ክፋትም ልክ እንደ ምግባር በልማድ ነው የሚገባው፣ ባለቤቱ እንኳ ሲገባ አያየውም።" ሌላም ብዙ አሉኝ። ከዚያ ቋጠሮውን ፈትተው ወደ ክፍላቸው ሄዱ። እርር ድብን አልኩ። አለቀስኩ፣ ረገምኳቸው፣ ከሰዓት በኋላ ግን ማኅተሜን በቦርሳዬ ይዤ ፋጡማ ቤት ሄድኩ። ወተት ሰጠችኝ። ከዚያ ወዲህ ቢሮዬ የመጣን ሰው ነገ ብዬ መልሼ አላውቅም፣ ይህቺን እንኳ ለራሴ ልመስክር።

ይህ ሁሉ ግን መንደርደሪያ ነው። የሚያንገበግበኝ ከዚያ ሁለት ዓመት በኋላ በጥቅምት የሆነው ነው።

አሻ ስምንተኛ ክፍል ገብታ ነበር፣ ከክፍሏ አንደኛ። ፈተናውን አልፋ ሐረር ትሄዳለች ብለን ሁላችንም እንጠብቃለን። ፊታውራሪው በዚያ ወር ለትምህርት ቤቱ ማስፋፊያ መሬት ሰጠ። አንቱ ሳልለው የምናገረው ረስቼ አይደለም። የከተማው ትልቅ ባለመሬት ነው፣ የቤተ ክርስቲያኑን አጥር አሠርቷል፣ በየወሩ ነዳያን ያበላል፣ አፍ ሁሉ ምግባረ ሰናይ ይለዋል። የሰጠው መሬት የፋጡማ ባልና ሦስት ሌሎች ጭሰኞች ከነአባቶቻቸው ያረሱት፣ ቤታቸው ያለበት ነው። በሳምንት ውስጥ ልቀቁ ተባሉ። ማሽላው ገና እሸት ነው።

ፋጡማና ሦስቱ አባወራዎች ማመልከቻ አስጽፈው መጡ። መሬቱ ይመለስልን አላሉም። ማሽላችን እስኪታጨድ ሁለት ወር ታገሡን፣ ነው ያሉት። ፋጡማ ቆማ እያየችኝ ገቢ መዝገቡ ላይ ጻፍኩት፣ ቁጥር ሰጠሁት፣ ማኅተም መትቼ ለዳይሬክተሩ አቀረብኩት። አነበበውና አጣጥፎ ኪሱ ከተተው። "አስካለ፣ ይህ ወረቀት አልመጣም። እንጀራሽን የምትፈልጊ ከሆነ አልመጣም" አለኝ። እናቴና ሁለት ታናናሾቼ በእኔ ነበር የሚያድሩት። ወደ ጽሕፈት መኪናዬ ተመለስኩ።

በማግሥቱ በጣውላው በኩል የአሻን ድምፅ ሰማሁ። "መሪጌታ፣ መሬቱን የሰጠው ማነው? ፊታውራሪው ናቸው ወይስ አባቴ?"  መሪጌታ ከክፍል ሲወጡ የነጠላቸው ቀኝ ጫፍ ተቋጥሮ ነበር። ወደ እኔ መጡና "ማመልከቻ አስገብተዋል?" አሉኝ። ለሳቸው መዋሸት አልችልም። "አዎ፣ መዝግቤዋለሁ" አልኳቸው። "ብትጠየቂ ትናገሪያለሽ?" "እናገራለሁ" አልኩ። ያን ቀን እንዴት ቀለለኝ መሰላችሁ።

የመሠረት ድንጋዩ የሚጣለው በሚቀጥለው ቀን ነበር። ዳይሬክተሩ ከሳምንት በፊት መሪጌታን ስለ ልግስና ንግግር ያድርጉልን ብሎ ለምኗቸዋል፣ ጉዱን ሳያውቅ። ሹማምንቱ፣ ቄሶቹ፣ ወላጆች፣ ተማሪዎች በሙሉ ተሰብስበናል። መሪጌታ ሲነሡ ልጆቹ ነጠላቸውን አይተው ተንሾካሾኩ።

"ፊታውራሪ" አሉ ያንን ዝግ ያለ ድምፃቸውን አውጥተው፣ "ትናንት ተቆጥቼብዎ ነበር። አሳድሬ አየሁት፣ ዛሬም ልክ ነው። ልግስና ከገዛ እጅ የሚወጣ ነገር ነው። እርስዎ የሰጡት የአራት ቤተሰብ ምድጃ ነው። ሁለት ወር ለመኑ። ሁለት ወር የከለከለ ሰው ዘላለም ቢሰጥ ለጋስ አይባልም።" ይህን ብለው የቀኙን ቋጠሮ ፈቱ።

ፊታውራሪው ሳቀ። "ማን ለመነኝ? ለእኔ የደረሰኝ የለም" አለ። ዳይሬክተሩ ብድግ ብሎ "ለትምህርት ቤቱም የደረሰ ማመልከቻ የለም" አለ።

"ጸሐፊዋ መዝግባዋለች። ትናገር" አሉ መሪጌታ።

ሰው ሁሉ ወደ እኔ ዞረ። ዳይሬክተሩ አየኝ። ፋጡማ ከአጥሩ ወዲያ ማዶ ማሽላዋ ዳር ቆማ ታየኛለች። መናገር ማለት እኮ አንድ ቃል ነው፣ አዎ ማለት። እኔ ግን "አላስታውስም" አልኩ። የለም እንኳ ለማለት ወኔ አጣሁ። አላስታውስም።

መሪጌታ ቀስ ብለው የነጠላቸውን ግራ ጫፍ አነሡ፣ እያዩኝ ቋጠሩት፣ ተቀመጡ።

በማግሥቱ ከደወሉ በፊት ቢሮዬ ገብቼ ጠበቅኳቸው። ይቆጡኛል፣ ይፈቱታል፣ ያልቃል ብዬ። የሚቆጣውን ሰው እንደዚያ በናፍቆት የጠበቀ ያለ አይመስለኝም። አልመጡም። ከስብሰባው እንደወጡ ለጥያቄ ይፈለጋሉ ተብለው በጭነት መኪና ወደ ሐረር ተወስደው ኖሯል። በሦስተኛው ቀን ዳይሬክተሩ የስንብት ደብዳቤያቸውን አስጻፈኝ፣ "ጠባይ የጎደላቸው ስለሆኑ ግብረ ገብ ለማስተማር ብቁ አይደሉም" የሚል። በእነዚህ ጣቶቼ ነው የመታሁት። አንድ ፊደል አልተሳሳትኩም።

ማሽላው እሸት እንደሆነ ታጨደ። ፋጡማና ባሏ ቦርደዴ ካሉ ዘመዶቻቸው ዘንድ ቆላ ወረዱ። አሻ ፈተናውን ሳትፈተን ቀረች፣ በዚያው ዓመት ተዳረች። እኔ ሥራዬ ላይ አለሁ። አዲሱ ቢሮዬ የፋጡማ ቤት የነበረበት ላይ ነው የተሠራው። መሪጌታ ከብዙ እንግልት በኋላ አሰቦት መግባታቸውን ስሰማ፣ አንድ ቀን ይመጣሉ፣ የማንንም ቁጣ ሳያደርሱ ቀርተው አያውቁም ብዬ ጠበቅኩ። ሰባት ዓመት። በአውቶቡስ ሄጄ ተራራውን ብወጣ እኮ የአንድ ቀን መንገድ ነው። አንድም ቀን አልሄድኩም።

ሐሙስ ድንኳኑ ውስጥ ከአሰቦት የመጡ አንድ ሽማግሌ መነኩሴ አገኘሁ። መሪጌታን በሕመማቸው ያስታመሙ እሳቸው ናቸው። "አባ፣ ነጠላቸው የት ደረሰ?" አልኳቸው። ገርሟቸው አዩኝ።

"አብሯቸው ተቀበረ። ግራ ጫፉ ላይ ቋጠሮ ነበረው፣ ከመታጠብ ብዛት ድንጋይ ሆኗል። በሕይወታቸው ልፍታልዎ ስላቸው እምቢ ይሉኝ ነበር። 'የሰው አደራ ነው፣ ባለቤቱ ሲመጣ ይፈታል' ይላሉ። እኛም ሳንፈታው ገነዝናቸው።"

ለካ እሳቸውም እየጠበቁኝ ነበር። እዚያው እንደቆምኩ ዳይሬክተሩ ተነሥቶ መናገር ጀመረ። ሸብቷል፣ ድምፁ ግን ያው ነው። "መሪጌታ ጥሩነህ ትሑት፣ ታጋሽ፣ ቁጣ የማያውቁ አባት ነበሩ" አለ። ፊታውራሪው ከፊት ተቀምጦ ራሱን ይነቀንቃል። ሰዉም ይነቀንቃል። መሪጌታን ሁለተኛ ሲገድሏቸው እያየሁ ነው። ተነሣሁ።

"ውሸት ነው" አልኩ። "ቁጣ ያውቁ ነበር። ከዚህ ከተማ ቁጣ የሚያውቁት እሳቸው ብቻ ነበሩ። እኔም እሑድ ተቆጥቼ አራት ሌሊት አሳድሬዋለሁ፣ ልክ ነው። የአራቱ ቤተሰብ ማመልከቻ መጥቷል። በእጄ መዝግቤዋለሁ፣ መዝገቡ ዛሬም መደርደሪያው ላይ አለ። ዳይሬክተሩ ኪሱ ከተተው። እኔ አላስታውስም ብዬ ዋሸሁ። ፊታውራሪ፣ ይህ ተዝካር ከእጅዎ አይወጣም። እዚህ ያላችሁም በሌላ ሰው ላይ ያረፈውን ጥፊ የቻላችሁ ናችሁ፣ እኔ ከሁላችሁ በላይ።"

ፊታውራሪው ፊት ቋጠሮዬን ፈታሁ።  አንዱ "ኀዘን አናቷ ላይ ወጥቶ ነው" አለ። አለቃው ጠበል ቅመሱ አሉ፣ እንጀራና ወጡ ዞረ፣ ሰዉ መብላቱን ቀጠለ። ከሥራ እንደምባረር አውቃለሁ። እሱ አላስጨነቀኝም። የእኔን ቋጠሮ ፈትቻለሁ፣ የመሪጌታው ግን መሬት ውስጥ እንደተቋጠረ ነው፣ የሚፈታልኝ ሰው ካለ ቦርደዴ ነው ያለው።

ዛሬ በጠዋቱ አውቶቡስ ቦርደዴ ወረድኩ። ፋጡማን ጠይቄ አገኘኋት፣ ደጇ ላይ ፍየሎቿን ስታጠጣ። አርጅታለች። ወዲያው ነው ያወቀችኝ። "አከም ቡልቴ" አለችኝ፣ እንዴት አደርሽ ማለቷ ነው። ተቀመጪ አለችኝ፣ አልተቀመጥኩም። በአማርኛም በተሰባበረ ኦሮምኛዬም ሁሉንም ነገርኳት። 

"ስትጽፊው አይቼሻለሁ" አለች ስጨርስ። "መሪጌታ በየዓመቱ ከአሰቦት ይመጣ ነበር። ቋጠሮውን አሳየኝ። 'ትመጣለች' ይላል። እኔ 'አትመጣም' እላለሁ። 'ትመጣለች' ይላል። አምና ታሞ እንኳ መጣ።"

"ፋጡማ፣ እሳቸው የሉም። አንቺ ተቆጪኝ" አልኳት።

የውኃውን ቅል መሬት አስቀመጠች። ከዚያ የሻሿን ጫፍ ይዛ፣ ልክ እንደሳቸው ቀስ ብላ፣ ቋጠረችው።

"ቦሩ ኮቱ" አለችኝና ወደ ፍየሎቿ ተመለሰች። ነገ ነይ።

መንገድ ዳር ካለው ሻይ ቤት አልጋ ይዣለሁ። ፀሐይ ገና አልጠለቀችም። ይህን የምጽፈው ነጋታውን እየጠበቅኩ ነው።